የባሕር ጠረፍ ላጉኖች አፈጣጠርና ስያሜ

(በማኅበሩ ዓመታዊ ጉባኤ ላይ የተደረገ ንግግር)



በዕድሜም ሆነ በሥራ ልምድ የሚበልጡኝ ታላላቆቼ በተሰበሰቡበት በዚህ ጉባኤ ላይ ንግግር እንዳደርግ ስለተጋበዝኩ በቅድሚያ ምስጋናዬን አቀርባለሁ። የመረጥኩት ርእስ አንዳንዶቻችሁን ሊያስገርም እንደሚችል እገምታለሁ። አገራችን ከ1993 ወዲህ የራሷ የባሕር ጠረፍ የላትም፤ ታዲያ በባሕር ጠረፍ ስለሚገኙ ጥልቀት የለሽ ውሃዎች መነጋገር ለኢትዮጵያዊ መሐንዲስ ምን ይጠቅመዋል? የሚል ጥያቄ ቢነሣ ተገቢ ነው። ለአድማጭ ግልጽ እንዲሆን፣ በንግግሬ ውስጥ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድሜ ላስታውቅ።

ለጥያቄው ያለኝ መልስ ሦስት ነው። አንደኛ፣ ከተራሮቻችን ታጥቦ የሚወርደው አፈር ጉዞውን የሚጨርሰው በባሕር ጠረፍ ነው፤ በዚያም ላጉን የሚባለውን ውሃ ከሚያጥሩት ነገሮች አንዱ ሆኖ ይገኛል። ሁለተኛ፣ ከሙያ ባልደረቦቻችን መካከል በጅቡቲ፣ በባሕረ ሰላጤው አገሮችና በሌሎችም ጠረፎች ሥራ የሚያጋጥማቸው አሉ። ሦስተኛ፣ ለአንድ የተፈጥሮ ነገር ተገቢውን ስም መስጠት የቋንቋ ሊቃውንት ብቻ ሳይሆን የመሐንዲስም ሥራ ነው፤ የሚሠራበትን ነገር ምንነት በስሙ የሳተ ሰው ሥራውንም ሊስት ይችላልና።

የንግግሬ ዋና ሐሳብ የሚከተለው ነው። ላጉን በአሸዋ፣ በባሕርና በወንዝ መካከል የቆመ ሚዛን ነው። ልዩ ልዩ ሕዝቦች የሰጡት ስም ግን አብዛኛውን ጊዜ የዚህን ሚዛን አንድ ወገን ብቻ ይዞ ይገኛል። መሐንዲሱም በአንዱ ወገን ብቻ የሠራ እንደሆነ ሌላው ወገን ሳይታሰብ ሒሳቡን ይጠይቀዋል።

ላጉን ምንድን ነው?

ላጉን ከባሕር በአሸዋ፣ በጠጠር ወይም በኮራል ድንጋይ የተለየ፣ ነገር ግን በአንድ ወይም ከአንድ በበለጡ ጠባብ መተላለፊያዎች ከባሕሩ ጋር የሚገናኝ ውሃ ነው። የአሸዋ አጥር ያላቸው ላጉኖች ጥልቀታቸው ብዙውን ጊዜ ከጥቂት ሜትር አይበልጥም፤ ርዝመታቸውም ከጠረፉ ጋር ትይዩ ሆኖ ይዘረጋል። በዚህ ከወንዝ አፍ ይለያሉ፤ የወንዝ አፍ ወደ የብስ ዘልቆ የሚገባ ነውና። ወሽመጥ ለባሕር ሞገድ የተጋለጠ ሲሆን ላጉን ከአጥር ጀርባ የተጠለለ ነው። ከሐይቅም ይለያል፤ ሐይቅ የባሕርን ሙላትና ጉድለት አያውቅም።

ከዓለም የባሕር ጠረፍ 13 በመቶ ያህሉ እንዲህ ባሉ ውሃዎች የተያዘ መሆኑን የዘርፉ ሊቃውንት ይገምታሉ። ቬኒስ፣ ሌጎስና አቢጃንን የመሳሰሉ ታላላቅ ከተሞች የተቆረቆሩት በላጉን ዳርና በላጉን ውስጥ ነው። ምክንያቱም ግልጽ ነው፤ ላጉን ለጀልባ መጠለያ፣ ለዓሣ መራቢያ፣ ለጨው መቀቢያም ይሆናል።

ነገሩን ለመረዳት እንዲያመች ላጉንን በቤት እንመስለው። አጥር አለው፤ እርሱም አሸዋው ነው። በር አለው፤ ውሃው የሚገባበትና የሚወጣበት መተላለፊያ ነው። ጓዳም አለው፤ ከአጥሩ ጀርባ የተኛው ውሃ ነው። እነዚህን ሦስት ቃላት እስከ ንግግሬ መጨረሻ እጠቀምባቸዋለሁ።

አጥሩ እንዴት ይሠራል?

ከ20,000 ዓመት ገደማ በፊት፣ የመጨረሻው የበረዶ ዘመን በበረታበት ጊዜ፣ ከምድር ውሃ ብዙው በበረዶ መልክ በየብስ ላይ ተከማችቶ ስለነበር የባሕር ጠለል ከዛሬው 120 ሜትር ያህል ዝቅ ያለ ነበር። በረዶው ሲቀልጥ ባሕሩ በፍጥነት ወደ የብስ ገሠገሠ። ይህ ግሥጋሴ በጉልህ የዘገየው ከ7,000 እስከ 6,000 ዓመታት በፊት ባለው ጊዜ ነው። ባሕሩ ሲፈጥን ሞገድ አሸዋውን በአንድ ሥፍራ ለማከማቸት ጊዜ አያገኝም፤ ሲዘገይ ግን ያገኛል። ዛሬ የምናያቸው ላጉኖች አብዛኞቹ ከዚያ ወዲህ የተፈጠሩ ናቸው። ስለዚህ በምድር ዕድሜ ሲመዘኑ ገና ሕፃናት ናቸው ማለት ይቻላል።

አሸዋው እንዴት አጥር ሆኖ እንደቆመ ሦስት አስተያየቶች በ19ኛው ምዕተ ዓመት ቀርበዋል። ፈረንሳዊው ኤሊ ደ ቦሞን በ1845 ሞገድ ከባሕሩ ወለል አሸዋ እየጫረ ከጠረፉ ፈንጠር ብሎ ይከምረዋል፤ ክምሩም ከውሃው በላይ ብቅ ሲል አጥር ይሆናል አለ። አሜሪካዊው ጊልበርት በ1885 አሸዋው የሚመጣው በጠረፉ ጎን እየተጓዘ ነው፤ ከአንድ የየብስ ጫፍ ተነሥቶ እንደ ክንድ እየረዘመ ወሽመጡን ይዘጋል አለ። ሌላው አሜሪካዊ ማክጊ ደግሞ በ1890 አጥሩ ቀድሞ በጠረፉ ላይ የነበረ የአሸዋ ጉብታ ነው፤ ባሕሩ ከፍ ሲል ከጉብታው በስተኋላ ያለውን ዝቅተኛ ሥፍራ አጥለቅልቆ ጉብታውን ደሴት አደረገው አለ። ክርክሩ ከመቶ ዓመት በላይ ቆየ። ዛሬ ያለው ስምምነት ሦስቱም በየሥፍራቸው እውነት መሆናቸው ነው፤ በአንድ ጠረፍም ላይ ከአንድ በላይ የሆነው መንገድ ተባብሮ ሊሠራ ይችላል።

ከእነዚህ ውስጥ ጊልበርት የተናገረለት የጎን ጉዞ ለመሐንዲስ ከሁሉ የበለጠ ክብደት አለው። ሞገድ ወደ ጠረፍ የሚመጣው ብዙውን ጊዜ ሰያፍ ሆኖ ነው። ሲወጣ አሸዋውን በሰያፍ ይገፋል፤ ሲመለስ ግን በዳገቱ ቁልቁል ቀጥ ብሎ ይመልሰዋል። እያንዳንዱ የአሸዋ ቅንጣት በዚህ ዓይነት እየተመላለሰ በጠረፉ ጎን ወደፊት ይራመዳል። በባልቲክ ባሕር የሚገኘውን የኩርላንድ ላጉን የሚያጥረው የአሸዋ ክንድ እንዲህ ባለው የአሸዋ ጉዞ የረዘመ ሲሆን ርዝመቱ 98 ኪሎ ሜትር ነው።

አጥሩ በአንድ ሥፍራ ተተክሎ የሚቀር አለመሆኑም ሊታወቅ ይገባል። ብርቱ ማዕበል በተነሣ ቁጥር ውሃው በአጥሩ ላይ እየዘለለ አሸዋውን ከባሕሩ ወገን ወደ ጓዳው ወገን ያሻግረዋል። ስለዚህ ባሕሩ ቀስ እያለ ከፍ ሲል አጥሩም ቀስ እያለ ወደ የብስ ያፈገፍጋል። በአጥሩ ላይ መንገድና ቤት የሚሠራ ሰው የሚሠራው በሚራመድ መሬት ላይ ነው።

የኮራል ላጉን አፈጣጠር ከዚህ የተለየ ነው። ቻርለስ ዳርዊን በ1842 ባሳተመው መጽሐፉ እንዳስረዳው፣ ከውቅያኖስ የበቀለ የእሳተ ገሞራ ደሴት ቀስ በቀስ ሲሰምጥ በዙሪያው ያለው ኮራል ብርሃን ፍለጋ ወደ ላይ ማደጉን ይቀጥላል። በመጨረሻ ደሴቱ ከዓይን ይሰወርና የኮራሉ ቀለበት ብቻውን ይቀራል፤ በቀለበቱ ውስጥ ያለው ውሃም ላጉን ይባላል። በ1952 በሰላማዊ ውቅያኖስ በኤኔዌታክ በተደረገ ቁፋሮ ከ1,200 ሜትር በላይ ውፍረት ካለው የኮራል ድንጋይ ሥር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ በመገኘቱ የዳርዊን አስተያየት ተረጋግጧል። የአሸዋውና የኮራሉ ላጉን በአፈጣጠር ሳይዛመዱ በአንድ ስም መጠራታቸውን ልብ እንበል። በመልክ ይመሳሰላሉ፤ በጠባይ ግን ፍጹም የተለያዩ ናቸው።

በሩን የሚከፍተው ማነው?

የባሕሩ ሞገድ አሸዋ እያመጣ በሩን ሊዘጋ ሌት ተቀን ይሠራል። በሩ ክፍት ሆኖ የሚቆየው በሙላት ጊዜ ወደ ጓዳው ገብቶ በጉድለት ጊዜ የሚወጣው ውሃ አሸዋውን እየጠረገ ስለሚያስወግደው ነው። አሜሪካዊው መሐንዲስ ኦብራየን በ1931 ባወጣው ጥናት፣ የበሩ የቁመት ገጽ ስፋት በአንድ ሙላት ወደ ጓዳው ከሚገባው የውሃ መጠን ጋር የተያያዘ መሆኑን አሳየ። ኤስኮፊየር ደግሞ በ1940 በሩ ከአንድ የተወሰነ መጠን በታች ከጠበበ ራሱን መጥረግ እንደሚሳነውና ወደ መዘጋት እንደሚያመራ አስረዳ። ከልምድ እንደታየው፣ ራሱን ጠብቆ በሚኖር በር ውስጥ የውሃው ከፍተኛ ፍጥነት በሰከንድ 1 ሜትር አካባቢ ነው።

ይህንን በቀላል ሒሳብ እንመልከተው። የጓዳው ስፋት 10 ካሬ ኪሎ ሜትር፣ የሙላቱ ከፍታ 50 ሴንቲ ሜትር ነው እንበል። በአንድ ሙላት የሚገባው ውሃ 5 ሚሊዮን ሜትር ኩብ ይሆናል። ይህ ውሃ በ6 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ገደማ ውስጥ የሚገባ ስለሆነ በአማካይ በሰከንድ 225 ሜትር ኩብ ያህል፣ ፍሰቱ በሚበረታበት ጊዜ ደግሞ 350 ሜትር ኩብ ያህል በበሩ ያልፋል። በሰከንድ 1 ሜትር ፍጥነት ይህን ለማሳለፍ 350 ካሬ ሜትር ገጽ ያለው በር ያስፈልጋል፤ ይኸውም ለምሳሌ 100 ሜትር ስፋትና 3.5 ሜትር ጥልቀት ማለት ነው። አሁን ደግሞ የጓዳው ግማሽ ለእርሻ ወይም ለቤት መሥሪያ በአፈር ተሞላ እንበል። የሚገባው ውሃ በግማሽ ይቀንሳል፤ በሩም ወደ 175 ካሬ ሜትር እስኪጠብ ድረስ አሸዋ ይሞላዋል። በሩን ማንም አልነካውም፤ የተነካው ጓዳው ነው። መርከብ የሚገባበት ጥልቀት የጠፋው ግን በበሩ ላይ ነው። በሩን በየዓመቱ እያስጠረጉ ጓዳውን መሙላት በአንድ እጅ ሰጥቶ በሌላው እንደ መንሣት ይቆጠራል።

ኪየርፍቬ የተባለው ሊቅ በ1986 ላጉኖችን በበራቸው ሁኔታ በሦስት ከፍሏቸዋል። አንድ ረጅምና ጠባብ በር ብቻ ያላቸውን የታነቁ፣ ሁለትና ከዚያ በላይ በር ያላቸውን ከፊል የተገደቡ፣ አጥራቸው በብዙ በሮች የተበሳሳውን ደግሞ የሚያፈሱ ብሏቸዋል። በብራዚል ደቡብ የሚገኘው ሰፊው የፓቶስ ላጉን በአንድ በር ብቻ ከውቅያኖስ ጋር ስለሚገናኝ የታነቁት ዋና ምሳሌ ነው።

የበሩን ሕግ በተግባር ለማየት ወደ ምዕራብ አፍሪካ፣ ወደ አቢጃን እንሂድ። ከተማይቱ የምትገኝበትን የኤብሪዬ ላጉን ከውቅያኖስ ጋር በቦይ ለማገናኘት በ20ኛው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ የተደረገው ሙከራ አሸዋ ቦዩን ስለደፈነው ሳይሳካ ቀርቷል። በ1950 የተከፈተው የቭሪዲ ቦይ ግን ዛሬም ይሠራል። የቦዩ ሥፍራ የተመረጠው በአጠገቡ በባሕሩ ወለል ላይ ያለውን ታላቅ ገደል ታስቦ ነው፤ ገደሉን ፈረንሳዮች ወለል የለሽ ጉድጓድ ብለው ሰይመውታል። በጠረፉ ጎን የሚጓዘው አሸዋ በዚያ ገደል ውስጥ እየወረደ ይቀራል። ሆኖም ሌላ ሒሳብ መጣ። ቀድሞ በግራን ባሳም በተፈጥሮ በር ይመላለስ የነበረው ውሃ አዲሱን በር ስለመረጠ አሮጌው በር ራሱን መጥረግ ተሳነውና በአሸዋ ተዘጋ። ለአንድ ጓዳ ሁለተኛ በር ሲከፈት የመጀመሪያው ሊዘጋ እንደሚችል ከዚህ የተሻለ አስረጂ አይገኝም።

ስሞቹ ምን ይነግሩናል?

ላጉን የሚለው ቃል የመጣው ከጣሊያንኛው ላጉና ሲሆን ምንጩ ላኩና የሚለው የላቲን ቃል ነው። ላኩና ጉድጓድ፣ ክፍተት፣ ውሃ ያቆረ ሥፍራ ማለት ነው። ፈረንሳዮች የሜዲትራኒያን ላጉኖቻቸውን ኤታን ይሏቸዋል፤ ትርጉሙ የቆመ ውሃ ማለት ስለሆነ ተራ ኩሬንም በዚሁ ስም ይጠሩበታል። ጀርመኖች በባልቲክ ጠረፍ ያሉትን ሐፍ ይሏቸዋል፤ ቃሉ በሰሜን አውሮፓ ቋንቋዎች ባሕር ከሚለው ቃል ጋር ይዛመዳል። አጥሩን ለብቻው ኔሩንግ ይሉታል። በጥቁር ባሕር ሰሜናዊ ጠረፍ ሊማን የሚባሉት ባሕር ያጥለቀለቃቸው የወንዝ አፎች ናቸው፤ ብዙዎቹም በስተባሕር በአሸዋ የታጠሩ ናቸው። ቃሉ ከግሪክኛ በቱርክኛ በኩል የመጣ ሲሆን ትርጉሙ ወደብ ነው።

ዐረቦች በአባይ ደልታ ያሉትን ቡሐይራ ይሏቸዋል፤ ትንሽ ባሕር ማለት ነው። ይህ ለእኛ እንግዳ አይደለም። አባቶቻችንም ጣናን ባሕር ብለው ስለጠሩት በዳርቻው የተቆረቆረችው ከተማ ባሕር ዳር ተብላለች። በባሕረ ሰላጤው አገሮች ወደ የብስ የገባው የባሕር ክንድ ኾር ይባላል፤ በዱባይ የኖሩ ወገኖቻችን ያውቁታል። ውሃው ተንኖ ጨው የለበሰው ሜዳ ደግሞ ሰብኻ ይባላል። በሰብኻ ላይ መሠረት የጣለ መሐንዲስ የከርሰ ምድሩ ጨው ኮንክሪትንና ብረትን እንዴት እንደሚበላ ጠንቅቆ ሊያውቅ ይገባዋል።

እነዚህን ስሞች በተርታ ብናስቀምጣቸው የላጉንን የሕይወት ታሪክ ይነግሩናል። መጀመሪያ ባሕር ነበር፤ ሐፍና ቡሐይራ ይህን ያስታውሳሉ። ከዚያ ተከልሎ ጉድጓድ ሆነ፤ ላጉና ይህን ይላል። መጠለያ ስለሆነ ወደብ ተባለ፤ ሊማን ይህን ይናገራል። በሩ ሲደክም የቆመ ውሃ ሆነ፤ ኤታን ይህን ያመለክታል። በደረቅ አገር ከሆነ መጨረሻው ጨው ነው፤ እርሱም ሰብኻ ነው። አንዱ ስም ብቻውን ግን የዚህን ታሪክ አንድ ምዕራፍ ብቻ ይዟል።

ስምን መሳት ምን ያህል እንደሚያሳስት አንድ ምሳሌ ልጥቀስ። በ1524 መርከበኛው ቬራዛኖ በሰሜን አሜሪካ ምሥራቃዊ ጠረፍ ሲያልፍ ከቀጭን የአሸዋ አጥር ባሻገር ሰፊ ውሃ አየና ወደ እስያ የሚያደርሰው ውቅያኖስ መሰለው። ያየው ዛሬ ፓምሊኮ ሳውንድ የሚባለው ላጉን ነበር። ይሁን እንጂ የቬራዛኖ ባሕር ለብዙ ዓመታት በካርታዎች ላይ ተሥሎ ኖረ።

የቬኒስ ትምህርት

ስለ ላጉን ሲነገር ቬኒስን ማለፍ አይቻልም። የቬኒስ ላጉን 550 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት አለው፤ በሊዶ፣ በማላሞኮና በኪዮጃ ሦስት በሮች ከአድሪያቲክ ባሕር ጋር ይገናኛል። የአገሩ ሰዎች የባሕሩ ውሃ ዘወትር የሚመላለስበትን ክፍል ሕያው ላጉን፣ ሙላቱ እምብዛም የማይደርስበትን ደግሞ ሙት ላጉን ይሉታል። በእኔ አስተያየት ከሁሉም ስያሜዎች ለመሐንዲስ የሚቀርበው ይህ ነው፤ የውሃውን መልክ ሳይሆን ሥራውን የሚናገር ስም ነውና።

የቬኒስ መንግሥት የፈራው ላጉኑ በወንዞች ደለል ተሞልቶ ከተማይቱ የየብስ ከተማ እንዳትሆን ነበር። በዚህ ምክንያት ከ14ኛው ምዕተ ዓመት ጀምሮ ብሬንታን፣ በኋላም ፒያቬንና ሲሌን የመሳሰሉትን ወንዞች በቦይ እያዞረ ከላጉኑ ውጭ ወደ ባሕር አፈሰሳቸው። በ1604 የተፈጸመው የፖርቶ ቪሮ ቦይ የታላቁን የፖ ወንዝ አፍ ወደ ደቡብ መለሰው። ከ1744 እስከ 1782 ድረስ ደግሞ የአሸዋውን አጥር የሚያጠናክር የድንጋይ ግንብ ተሠራ። በዘመኑ ሚዛን እነዚህ ሥራዎች እጅግ የሚደነቁ ናቸው፤ ዓላማቸውንም ፈጽመዋል።

ነገር ግን ወንዙ ከሚዛኑ ወጣ። በ19ኛውና በ20ኛው ምዕተ ዓመታት በሦስቱ በሮች ላይ የማዕበል መከላከያ ግንቦች ሲሠሩና በ1960ዎቹ ዓመታት ለነዳጅ መርከቦች ጥልቅ ቦይ ሲቆፈር፣ በጉድለት ጊዜ የሚወጣው ውሃ የጓዳውን ጭቃ ይዞ መሄድ ጀመረ። የሚተካው ደለል ግን ከወንዝ አይመጣም። ጨዋማው የሣር ረግረግ እጅግ ተመናመነ፤ የጓዳውም ወለል እየጠለቀ ሄደ። ቀድሞ ይሞላል ተብሎ የተፈራው ላጉን ዛሬ የሚፈራለት ደለል አጥቶ የባሕር ወሽመጥ እንዳይሆን ነው።

በዚህም ላይ ለኢንዱስትሪ የከርሰ ምድር ውሃ በብዛት በመቀዳቱ መሬቱ ሰመጠ። በ20ኛው ምዕተ ዓመት ውስጥ ከተማይቱ ከባሕሩ አንጻር 23 ሴንቲ ሜትር ያህል ዝቅ ብላለች፤ ግማሽ ያህሉ የመሬቱ መስመጥ፣ ቀሪው የባሕሩ ከፍ ማለት ነው። ኅዳር ወር 1966 ውሃው ከመለኪያው መነሻ 194 ሴንቲ ሜትር ከፍ ብሎ ከተማይቱን አጥለቀለቃት። ከረጅም ክርክርና ሥራ በኋላ በሦስቱ በሮች ላይ የተተከሉት 78 ተነሺ መዝጊያዎች በጥቅምት 2020 ለመጀመሪያ ጊዜ ማዕበልን ለመመከት ተነሥተው ከተማይቱን ከሙላት አዳኑ። ነገር ግን ባሕሩ ከፍ ባለ መጠን መዝጊያዎቹ የሚነሡበት ጊዜ ይበዛል፤ በተነሡ ቁጥርም መርከቦች ይቆማሉ፣ ሕያው የነበረውም ውሃ መመላለሱን ያቆማል።

የአባይ ደለልና እኛ

አሁን ከመነሻዬ የገባሁትን ቃል ልፈጽም። በግብፅ ሰሜናዊ ጠረፍ የሚገኙት ኢድኩ፣ ቡሩሉስና መንዛላ የአባይ ደልታ ላጉኖች ናቸው። አጥራቸው የተሠራው ወንዙ ለሺህ ዓመታት ካመጣው አሸዋና ደለል ነው። አባይ ተሸክሞት ይወርድ ከነበረው ደለል ከ90 በመቶ በላይ የሚሆነው የሚመነጨው ከኢትዮጵያ ከፍተኛ ቦታዎች ነበር፤ በጥቁር አባይና በተከዜ በኩል ይወርዳል። የጎጃምና የስሜን አፈር በሜዲትራኒያን ዳር የላጉን አጥር ሆኖ ቆሟል ማለት ነው።

የአስዋን ከፍተኛ ግድብ ወንዙን በ1964 ከዘጋና በ1970 ሥራው ከተጠናቀቀ ወዲህ ደለሉ በግድቡ ሐይቅ ውስጥ ይቀራል። ሞገዱ ግን አሸዋውን በጠረፉ ጎን መውሰዱን አላቆመም። ቀደም ብሎ ተጀምሮ የነበረው የሮዜታ ጫፍ መሸርሸር ከግድቡ በኋላ ተፋጠነ፤ ጠረፉን ለመጠበቅም ግንብ መሥራት ግድ ሆነ። መንዛላም በእርሻና በመሬት ልማት እየተሞላ ስፋቱ በጣም ቀንሷል። የዚያ ጠረፍ ሙላትና ጉድለት አነስተኛ ስለሆነ በሮቹ ራሳቸውን የመጥረግ ኃይላቸው ድሮም ደካማ ነበር። ጓዳው ሲጠብ ደግሞ ይበልጥ ይደክማሉ።

ደለል ለእኛ የግድብ ጠላት ነው። በ1960 ሥራ የጀመረው የቆቃ ግድብ ሐይቅ በደለል እንዴት እንደተጎዳ ለዚህ ጉባኤ መንገር ለቀባሪው ማርዳት ይሆናል። ይኸው ደለል በባሕሩ ዳር ግን አጥር ነው። ይህን ስል ተራሮቻችን ይታጠቡ ማለቴ አይደለም፤ አፈራችንን በየማሳው ማስቀረት ከሁሉ የሚቀድም ግዴታችን ነው። ለማለት የፈለግሁት፣ በወንዝ ላይ የሚሠራ መሐንዲስ የሥራው ወሰን ከግድቡ ግርጌ እንደማያበቃና የደለልን ሒሳብ ከምንጭ እስከ ባሕር አንድ አድርጎ ማየት እንዳለበት ነው።

ሌላም የቅርብ ምሳሌ አለን። በደናክል ዝቅተኛ ሥፍራ፣ ከባሕር ጠለል ከ100 ሜትር በላይ ዝቅ ባለው ሜዳ ዳርቻ፣ የጥንት ኮራል ድንጋይ ይገኛል፤ ከ125,000 ዓመት ገደማ በፊት ቀይ ባሕር እስከዚያ ይደርስ እንደነበር ምስክር ነው። በጥብቅ አነጋገር ያ ውሃ ላጉን ሳይሆን የባሕር ክንድ ነበር፤ በሩንም የዘጋው አሸዋ ሳይሆን የመሬት ከፍ ማለትና እሳተ ገሞራ ነው። ፍጻሜው ግን ከሰብኻው ጋር አንድ ነው። ውሃው ተነነ፣ ጨው ቀረ፤ አሞሌ ተብሎ በገበያችን እንደ ገንዘብ ያገለገለው ጨው የተቆረጠው ከዚያ ሜዳ ነው። በጅቡቲም ከባሕር ጠለል 155 ሜትር ያህል ዝቅ ያለው የአሳል ሐይቅ ከባሕሩ በእሳተ ገሞራ ድንጋይ ተለይቷል፤ የባሕር ውሃ ግን ዛሬም በድንጋዩ ስንጥቅ ውስጥ ለውስጥ እየሰረገ ይገባለታል። በላይ የተዘጋ በር በታች ክፍት ሊሆን ይችላል።

ስለ አማርኛው ስያሜ

ለማጠቃለል ያህል ስለ ስያሜው አሳቤን ላቅርብ። ሐይቅ ብንለው ባሕሩን ይረሳል፤ ወሽመጥ ብንለው አጥሩን ይረሳል፤ ረግረግ ብንለው ደግሞ ሞልተን የምንገላገለው ከንቱ መሬት ያስመስለዋል። በዓለም ብዙ ላጉኖች የጠፉት በዚህ በሦስተኛው ስም ነው። ስለዚህ ደልታ የሚለውን ቃል እንደተቀበልን ሁሉ ላጉን የሚለውንም እንድንቀበል፣ ክፍሎቹን ግን በራሳችን ቃላት አጥር፣ በርና ጓዳ ብለን እንድንጠራ ሐሳብ አቀርባለሁ። የቬኒሶችን ሕያውና ሙት የሚለውን አከፋፈል ብንጨምርበት ለቴክኒክ ጽሑፋችን የሚበቃ መነሻ ይሆነናል። ከዚህ የተሻለ ቃል ያለው ባልደረባ ቢያቀርብ በደስታ እቀበላለሁ።

በየትም አገር በላጉን ላይ ሥራ የሚሰጠው የማኅበራችን አባል ንድፉን ከመጀመሩ በፊት ሦስት ጥያቄዎችን እንዲጠይቅ አደራ እላለሁ። የአጥሩ አሸዋ ከየት ይመጣል፣ ወዴትስ ይሄዳል? በአንድ ሙላት ምን ያህል ውሃ በበሩ ያልፋል፣ የታሰበው ሥራስ ይህን መጠን ምን ያህል ይለውጠዋል? ወንዙ ወደ ጓዳው ምን ያህል ደለል ያመጣል፣ ማንስ አስቀርቶበታል? ለሦስቱም በቁጥር መልስ ሳይገኝ የሚጀመር ሥራ ቢያንስ ከሦስቱ በአንዱ በኩል ዕዳ ይዞ የሚመጣ ነው፤ ዕዳውንም የሚከፍለው በአብዛኛው በውሃው ዳር የሚኖረው ሕዝብ ነው።